የአራተኛው አጃቢ ስም

ከአዲስ አበባ የወጣሁት አንድ ስም ፍለጋ ነው። የባለሥልጣናት አጃቢ ሆኜ ጸጉሬ ከሸበተ በኋላ፣ አለቆቼ «መሮጥ ካቃተህ ታሪካችንን ሰብስብ» ብለው የመሥሪያ ቤታችንን የታሪክ ክፍል ሰጡኝ። ከግድግዳው ፎቶዎች በአንዱ አራት አጃቢዎች ቆመዋል። ሦስቱ ይታወቃሉ። አራተኛው በሥራ ላይ የሞተ ነው፤ ፋይሉ ግን ቢሮ ሲዛወር ስለጠፋ ከሥሩ «ስሙ ያልታወቀ» ተብሎ ተጽፏል። ከአራቱ በሕይወት ያሉት ሃምሳ አለቃ ደምሴ ብቻ ናቸው፤ እሳቸውም ጡረታ ወጥተው ትውልድ አገራቸው ስማዳ ገብተዋል።

መካነ ኢየሱስ

ከደብረ ታቦር በሚኒባስ የእስቴ ከተማ መካነ ኢየሱስ ገባሁ። ረዳቱ ታሪፉን በጭቃው ልክ ጨመረብን። ሽሮ በላሁ። አጠገቤ የተቀመጠች ነርስ ወደ ስማዳ ከተማ ወገዳ እንደምሄድ ስትሰማ፣ «ወገብዎን በነጠላ ጠፍረው ይሂዱ፤ ኔትወርክም አይጠብቁ» አለችኝ። በሁለቱም እውነቷን ነበር።

ወገዳ

ገብሱ ደርሷል፤ አጨዳ ተጀምሯል። ሃምሳ አለቃን ደጃቸው ላይ አገኘኋቸው። ቆሎና ጠላ ቀረበልኝ። ፎቶውን ሳሳያቸው አራተኛውን በጣታቸው ነኩት።

«ቀጮ» አሉ። «እንዲያ ነበር የምንለው።»

«ስሙስ?»

«አውቀዋለሁ። ግን አደራ ነው ልጄ። የንስሐ አባቴን ሳልጠይቅ አልናገርም።»

የመሥሪያ ቤቱን የፈቃድ ደብዳቤ ብዘረጋላቸው፣ «አደራውን የሰጠኝ መሥሪያ ቤቱ አይደለም» ብለው ጠላዬን ሞሉልኝ። ተናደድኩ። ያን ሁሉ መንገድ የመጣሁት ጠላ ልጠጣ አልነበረም።

ቤተ ልሔም

በማግስቱ አብረን ወደ ጋይንት፣ ወደ ቤተ ልሔም ደብር ተሻገርን። የንስሐ አባታቸው መምሬ ካሳ በደብሩ ቅጥር ውስጥ ተቀብለውን ነገሩን በጽሞና ሰሙ።

«ስሙን ምን ልታደርጉት ነው?» አሉኝ።

«ከፎቶው ሥር እንጽፈዋለን፣ አባቴ። መጥቶ የጎበኘ ሁሉ ያነበዋል።»

«እንግዲያ ያነበበው ሁሉ ‹ነፍስ ይማር› ይለዋል።» ወደ ሃምሳ አለቃ ዞሩ። «ንገራቸው።»

ሃምሳ አለቃ ጋቢያቸውን ሰብሰብ አደረጉ። «የምንጠብቀው እንግዳ ንግግር ሲያደርግ እኛ ፊታችንን ወደ ሕዝቡ አዙረን የሰዉን እጅ ነው የምናየው። ሽጉጡን ቀድሞ ያየው ቀጮ ነው፤ መሃል ገባ። ጭኔ ላይ ተኝቶ፣ ‹የክርስትና ስሜ ወልደ ሩፋኤል ነው፤ በጸሎት አስበኝ› አለኝ። በየዓመቱ ተዝካሩን እዚህ አወጣለሁ።»

«ዋናው ስሙስ? የአባቱስ?»

«ስም መጠያየቅ ክልክል ነበር። ያለኝ ይኸው ነው።»

እንባዬ መጣ። መምሬ ካሳ ትከሻዬን ያዝ አደረጉኝ።

አዲስ አበባ

አለቃዬ «የአባቱ ስም ከሌለ ጎዶሎ ነው» አለ። «ለሞት ሲደርስ የመረጠው ይህንኑ ነው» አልኩት። ጽሑፉ ተቀየረ፤ ፎቶው ሥር «ወልደ ሩፋኤል» ተባለ።

በሥልጠና ሰውን ከጥይት መጠበቅ ተምሬያለሁ፤ ባልደረባን ከመረሳት መጠበቅን ግን ማንም አላስተማረኝም። የተማርኩት በዚህ መንገድ ነው። የዚያኑ ዕለት ለዓመታት ጀርባ ለጀርባ አብሮኝ ለቆመው ጡረተኛ ጓደኛዬ ደወልኩ።

«የክርስትና ስምህ ማነው?»

«ምነው፣ ልሞት ነው እንዴ?» ብሎ ሳቀ። የወልደ ሩፋኤልን ታሪክ አጫወትኩት። እሱም ሳቁን አቆመ።

«ወልደ ሰንበት» አለኝ። ቀጥሎም፣ «ያንተስ?»

ነገርኩት።