ከሳሽ ስላልቀረበ

እህቴ የፌዴራል ፍርድ ቤት ዳኛ ናት። ሰው ሁሉ «ጎበዝ ስለሆነች ነው» ይላል። ጎበዝስ ናት፤ ግን ከጉብዝናው በፊት ቂም ነበር። ታላቋ ነኝ፣ ለእኔ ማንም አይነግረኝም።

አባባ አናጺ ነበር። ጎረቤቱ አጥሩን ቀስ በቀስ እየገፋ የወርክሾፑን እኩሌታ ወሰደበት። ከሰሰ። ዳኛ ተብዬው መዝገቡን ሳይገልጠው አሥራ ዘጠኝ ጊዜ ቀጠረው። ሁልጊዜ ያችው ቃል ናት፤ «መዝገቡ ስላልተመረመረ ለሌላ ቀን።» አባባ ለእያንዳንዱ ቀጠሮ ያችኑ አንድ ኮቱን ለብሶ፣ ጫማውን ወልውሎ ይሄዳል፤ አንገቱን ደፍቶ ይመለሳል። በመጨረሻው ቀጠሮ እያሳለ «ክቡር ዳኛ፣ ታምሜአለሁ፤ እስከዚያ ላልኖር እችላለሁ» ብሎ ለመነ። «ፍርድ ቤት አይቸኩልም» ብሎ ሌላ ቀን ሰጠው።

ያ ቀን አባባን የቀበርንበት ቀን ሆነ። በኋላ ትእዛዙን ስናወጣው «ከሳሽ ስላልቀረበ መዝገቡ ተዘግቷል» ይላል። አይ ጉድ! ሬሳው ተነስቶ ይቅረብልህ?

እህቴ ያኔ አሥራ አራት ዓመቷ ነው። ወረቀቱን አጥፋ ደብተሯ ውስጥ ከተተችው። ሕግ ስትማር አብሯት ነበር። ዳኛ ሆና ስትሾም ቢሮዋ ውስጥ መሳቢያ ቆለፈችበት። ሃያ ዓመት ሙሉ መዝገብ ሳታነብ ችሎት ወጥታ አታውቅም። ጠበቆች «ሰዓቷ» ይሏታል፤ በረባ ባልረባው ቀጠሮ ጠይቆ ከእሷ ያገኘ የለም።

ባለፈው ዓመት ደወለችልኝ።

«እቴቴ፣ ነገ ጠዋት ችሎት ነይ።»

«ደግሞ ምን ተገኘ?»

«ሰውዬው መጥቷል።»

ማን እንደሆነ አልጠየቅኳትም። በእኛ ቤት «ሰውዬው» አንድ ነው፤ ያ ዳኛ።

መዝገብ ለዳኞች በዕጣ ይደርሳል፤ የእሱ ለእሷ ደረሰ። ጡረታ ወጥቷል፣ ከዘራ ይዟል። የገዛ ልጁ ከቤቱ ስላስወጣው እሱ ራሱ ከሳሽ ሆኖ ቆሟል። ቀን ሲዞር እንዲህ ነው! እህቴ ጉዳዩን እንደማታይ ቀድማ በወረቀት ማሳወቅ ትችል ነበር። አላሳወቀችም። ቆሞ እንዲሰማት ፈለገች።

ያንን ያረጀ ትእዛዝ አስተላለፈችለት። «ያስታውሱታል?»

መነጽሩን አድርጎ አገላብጦ አየው። «ፊርማው የእኔ ነው። ጉዳዩ ግን ትዝ አይለኝም፣ ልጄ።»

የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም! ደሜ ፈላ።

«ያልቀረበው ከሳሽ አባቴ ነው» አለች ድምጿን ሳታነሳ። «ያን ቀን እየቀበርነው ነበር። ስለዚህ የእርስዎን ጉዳይ እንዳይ ሕጉ አይፈቅድልኝም፤ ከችሎቱ ተነስቻለሁ። መዝገቡ ለሌላ ዳኛ ይተላለፋል። እዚያም ወረፋውን ጠብቆ ይታያል።»

ያ ወረፋ ስንት ወር እንደሚፈጅ ከእሱ በላይ የሚያውቅ የለም።

«ክብርት ዳኛ፣ እኔ አልቃወምም፤ እርስዎው ይጨርሱልኝ። ታምሜአለሁ፤ እስከዚያ ላልኖር እችላለሁ።»

እህቴ መዝገቡን ዘጋች።

«ፍርድ ቤት አይቸኩልም» አለችው።

ቀና ብሎ ፊቷን ትክ ብሎ አየ። ያኔ አስታወሰ። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ፤ ማንም አይፍረድብኝ።