ያጠቆርኩት ቤት

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ለባሌ አልነገርኩም፣ ለእናቴ አልነገርኩም፤ ለነፍስ አባቴም ትናንሽ ኃጢአቴን ስደረድርላቸው ይቺን ዘልያታለሁ። አሁን የምናገረው እንድታጽናኑኝ አይደለም። «ሥራሽን ነው የሠራሽው» የሚለኝ ካለ ከወዲሁ ይተወኝ። ያቺን ነገር ለራሴ ብዙ ጊዜ ብያታለሁ፤ ጣዕሟን አውቀዋለሁ።

እኔ እትዬ ጥሩወርቅን ከቤታቸው አስወጥቻለሁ። በር አልሰበርኩም፣ ዕቃቸውን ደጅ አልጣልኩም። ቆጠርኩ። ያደረግኩት ይኸው ነው፤ ቆጠርኩ።

እንጀራዬ ቁጥር ነው። ኧርቪንግ ከተማ ውስጥ ለአፓርትመንት ባለቤቶች ጥናት የሚሠራ ቢሮ ተቀጥሬ ስታቲስቲክስ እሠራለሁ። ዩኒቨርሲቲ ሳለሁ ከሁሉ የወደድኩት ስለ መጀመሪያዎቹ ወንጀል ቆጣሪዎች የተማርኩትን ነበር። ከሁለት መቶ ዓመት ገደማ በፊት ፈረንሳይና ቤልጂየም ውስጥ የነበሩ ሰዎች የፍርድ ቤት መዝገብ ሰብስበው ወንጀልን እንደ ዝናብ መለካት ጀመሩ። ካርታ ላይ ወንጀል የበዛበትን አውራጃ አጠቆሩ፣ ያነሰበትን ነጣ አድርገው ተዉት። ቁጥሩ ከዓመት ዓመት እምብዛም አለመለዋወጡ ራሳቸውን ገረማቸው። ታዲያ ያኔውኑ ከመካከላቸው ነገሩ የገባው ነበር፤ የምንቆጥረው የታወቀውን ወንጀል እንጂ የተፈጸመውን ሁሉ አይደለም ብሎ አስጠንቅቋል። ይህን ፈተና ላይ ተጠይቄ በትክክል መልሻለሁ። ስለዚህ አላወቅኩም ነበር ማለት አልችልም፤ አልልምም።

አንድ ቀን የስደተኞች ሰፈር በሆነው ቪከሪ ሜዶ ውስጥ አፓርትመንት ያለው ድርጅት መጣ። ችግር የሚበዛባቸው ቤቶች የትኞቹ እንደሆኑ ማወቅ ፈልጓል። ወደ 911፣ ፖሊስና አምቡላንስ ወደሚጠራበት ስልክ፣ የተደወሉትን ጥሪዎች በቤት ቁጥር ከፋፍዬ የግቢውን ካርታ ሠራሁ፤ ጥሪ የበዛበት ቤት ይጠቁራል፣ ያልተደወለበት ነጭ ይሆናል። ስጨርስ አንድ ቤት ከሁሉም በላይ ጠቁሮ ወጣ። የቤት ቁጥሩን ደግሜ አነበብኩት። የእትዬ ጥሩወርቅ ቤት ነው።

ግቢውን አውቀዋለሁ። ልጅ ሆኜ ከአዲስ አበባ ስንመጣ ያረፍነው እዚያ ነው። እትዬ ጥሩወርቅ አገር ቤት የስልክ ኦፕሬተር ነበሩ፤ እንግሊዝኛቸው ቢሰባበርም እሳቸው አይፈሩም። እንግሊዝኛ የሚያስፈራው ሁሉ፣ ሐበሻውም ሶማሌውም በርማውም፣ ጭንቅ ሲይዘው የሚሮጠው ወደ እሳቸው በር ነበር። ሽማግሌ ወደቀ፣ ልጅ ጠፋ፣ የመኪና መስታወት ተሰበረ፤ «እትዬ፣ ይደውሉልን!» ነው። ስልኩን አንስተው የ911ዋን ሠራተኛ ይቆጧታል፤ «ሊስን ሚ ፈርስት፣ ማይ ሲስተር! እኔም ኦፕሬተር ነበርኩ!»

አድራሻ ሲጠየቁ የሚሰጡት ሁልጊዜ የራሳቸውን የቤት ቁጥር ነው። ፖሊሱም አምቡላንሱም መጀመሪያ እሳቸው ዘንድ ይመጣል፤ እሳቸው ነጠላቸውን ጣል አድርገው ችግሩ ወዳለበት ቤት እየመሩ ይወስዱታል፣ እዚያም በቋንቋም በምልክትም ያስተረጉማሉ። ሌላ ማን ያስተርጉም? የግቢው መከራ ሁሉ በእሳቸው በር ተመዘገበ።

በልጅነቴ እንዲህ ከተደወሉት አንዱ የእኔ ነበር። አንድ ቅዳሜ ረፋድ ላይ አባቴ እናቴን ደበደባት። የመጀመሪያው አልነበረም። ሽማግሌ ተቀምጦ «የቤት ገበና ነው፣ ፖሊስ ጠርታችሁ ቤት እንዳታፈርሱ» ብሎ ነበር። ሮጬ የእትዬን በር ደበደብኩ። አንድ ጥያቄ አልጠየቁኝም፤ ፊቴን አይተው ደወሉ። እናቴ ዛሬ በሕይወት ያለችው ስለደወሉ ነው። ያን ሰሞን ሐበሻው ሰላምታ ነሳቸው፣ «ባልና ሚስት አፋታች» ተባሉ። እሳቸው እቴ! «ይበሉኛ! አስከሬን ከምሸኝ ስሜ ቢጠፋ ይሻለኛል» ብለው አለፉት።

እንግዲህ ይህን ሁሉ እያወቅኩ ነው አለቃዬ መጥቶ ስክሪኑ ላይ ያጎነበሰው። ያንን ጥቁር ቤት በጣቱ ነክቶ «ይሄ ምንድን ነው?» አለኝ።

መልሱ አፌ ላይ ነበር። «እኒህ ሴትዮ የሚደውሉት ለጎረቤት ነው፤ ይሄ የወንጀል ካርታ ሳይሆን የደዋይ ካርታ ነው» ማለት ብቻ ነበር የሚጠበቅብኝ። ግን ቀጥሎ ምን ይለኝ ነበር? «አንቺ እንዴት አወቅሽ?» አይለኝም? ለመሥሪያ ቤቱ ሰው ያደግኩት ቤድፎርድ ነው ብዬ ነበር፤ ኋላ የገባንበትን ሣር ያለውን ቤት እንጂ ያንን ግቢ አንሥቼ አላውቅም። ስለ አባቴ፣ ስለዚያች ቅዳሜ፣ ለእነዚያ ንጹሕ ሸሚዝ ለለበሱ ሰዎች ልናገር? ሥራዬን እንዳላጣ ፈርቼ ቢሆን እንኳ ለራሴ አዝን ነበር። አልፈራሁም። አፈርኩ። እናቴን ባተረፈው በር አፈርኩበት።

«ዳታው የሚለው ይህንን ነው» አልኩት። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ!

ካርታውን ለድርጅቱ ሰጠን፤ ብዙ ወራት ሳያልፉ የእትዬ ጥሩወርቅ ሊዝ፣ የኪራይ ውላቸው፣ አይታደስም ተባለ። ፎርት ዎርዝ፣ ልጃቸው ቤት፣ የልጅ ልጆቻቸው ክፍል ውስጥ ገቡ። ግቢው ውስጥ «ፖሊስ የጠራ ቤቱን ይቀማል» የሚል ወሬ ተሰራጨ፤ ወሬው ደግሞ እውነት ነበር። ሰው መደወል ተወ። በሚቀጥለው ዓመት የሠራሁት ካርታ ነጭ በነጭ ሆነ። ደንበኛው ተደሰተ። እኔው ራሴ ሰው ፊት ቆሜ «ጥሪ በእጅጉ ቀንሷል» ብዬ አቀረብኩ፣ ተጨበጨበልኝ፣ አመሰግናለሁ ብዬ ተቀመጥኩ። ያኔ በዚያ ግቢ የምትደበደብ ሴት ብትኖር፣ ልጇ ወደ ማን በር ትሮጥ ነበር? አላውቅም። ለማወቅም አልሞከርኩም።

ኮምፒውተሩ ነው አልልም። እነዚያ የጥንት ቆጣሪዎች ናቸውም አልልም፤ እነሱ ማስጠንቀቂያውን ጽፈው ትተውልኛል። ቁጥሩም አልዋሸም፤ እያንዳንዱ ጥሪ በእርግጥ ተደውሏል። የዋሸሁት እኔ ነኝ። «የልጅነትሽ ጠባሳ ነው፣ ያሳለፍሽው ቀላል አይደለም» እያላችሁም አታባብሉኝ። ያን ሁሉ ያሳለፍኩት ከእትዬ ጋር ነው፤ ወንበሬ ላይ ተደላድዬ የካድኳቸው ግን ብቻዬን ነው።

ዘንድሮ አንድ ለቅሶ ቤት ተገናኘን። ከሩቅ አይተው ጠሩኝ፣ አገላብጠው ሳሙኝ፣ አጠገባቸው አስቀመጡኝ።

«ከአፓርትመንት ሰዎች ጋር ነው አሉ የምትሠሪው። ኮራሁብሽ! እስቲ አንድ ነገር ጠይቂልኝ። ሊዝሽን አናድስም ሲሉኝ ምክንያቱን አልነገሩኝም። ሬንት ከቀኑ አላሳለፍኩ፣ ሰው አላስቀየምኩ። ማለቴ፣ መመለሱ ይቅር፤ ግን ምን አድርጌ ነው? ሳላውቀው እንዳልሞት ነው።»

«እሺ እትዬ፣ እጠይቅልዎታለሁ» አልኳቸው።

ይህ ከመጀመሪያው ይብሳል። ያኔ ዝም ያልኩት ስክሪን እያየሁ ነበር፤ አሁን የዋሸሁት እጄን ይዘው ዓይን ዓይኔን እያዩኝ ነው። ከዚያ ወዲህ እየደወሉ «ጠየቅሽልኝ ወይ?» ይሉኛል። «ገና ነኝ» እላለሁ። «አይዞሽ፣ ሥራ ይበዛብሻል» ብለው መርቀውኝ ይዘጋሉ።

ከእናንተ ይቅርታ አልጠይቅም፤ የእናንተን ቤት አልወሰድኩም። ከእሳቸውም ቢሆን እሱ ይቆየኝ፤ ይቅርታ ብዬ ተንበርክኬ፣ አልቅሼ፣ እንደገና እሳቸውን አጽናኝ ላደርጋቸው አልፈልግም። የጠየቁኝ ጥያቄ አለ፣ እሱን እመልሳለሁ። ነገ ጠዋት ፎርት ዎርዝ እሄዳለሁ። ስመው ሊያስቀምጡኝ ሲሉ አልቀመጥም። ቆሜ፣ የልጅ ልጆቻቸው እየሰሙ እነግራቸዋለሁ፤ «ምንም አላደረጉም፣ እትዬ። ያስወጣሁዎት እኔ ነኝ።»