ኤልዊን ሁሩሽካን ኳስ ያመለጠችበት ነሐሴ

ኤልዊን ሁሩሽካ አሜሪካ፣ ነብራስካ ውስጥ በቆሎ ከሚያርሱ የቼክ አገር ስደተኞች የተወለደ ግራኝ ነበር። እሑድ እሑድ ከቅዳሴ መልስ ለመንደሩ የቤዝቦል ቡድን ኳስ ይወረውራል። አንድ እሑድ ተጫዋች መልማይ አየውና ሳይውል ሳያድር አስፈረመው። አባቱ፣ «ሂድ እንግዲህ፤ በቆሎውን ብቻዬን ልሰብስበው?» ከማለት በቀር ሌላ አልጨመሩም።

ከዚያ በኋላ በየትንንሹ ከተማ፣ ከቡድን ቡድን፣ በአውቶቡስ ሲንከራተት ኖረ። ትልቁ ሊግ የደረሰው ሠላሳን ሊደፍን ጥቂት ሲቀረው ነው። ሁለት በጋ አማረለት። ኳሷ ዱላ ይዞ የሚጠብቃት መቺ ዘንድ ስትደርስ ድንገት ቁልቁል ትታጠፋለች፤ ዱላው አየር ቀዝፎ ይመለሳል። ሚስቱ ቪልማ ፎቶውን ከጋዜጣ እየቆረጠች ማድ ቤት ለጠፈች።

በሦስተኛው በጋ፣ እዚያ አገር ሙቀቱ በሚበረታበት በሐምሌ፣ የግራ እጁ ሁለት ጣቶች ደነዘዙ። ሸሚዙን ሲቆልፍ ቁልፉ አይሰማውም። ለማንም አልተነፈሰም፤ ቦታውን የሚጠብቅ ወርዋሪ ሞልቷል። ከመቺው ጀርባ ቁጢጥ ብሎ ኳሱን የሚቀበለው ጋስ ፓቭሊች ግን ነቃበት።

«አንተ ሰውዬ፣ ኳሷ ወዴት እንደምትሄድ አንተም አታውቅም!»

«ሙቀቱ ነው።»

«ሙቀቱ? ይሄን ሁሉ መከላከያ ታጥቄ የምቀቀለው እኔ አይደለሁ እንዴ?»

ነሐሴ ላይ ኳሷ ከእጁ አመለጠች። ሬይ ቶሊቨር የሚባለው መቺ ጉንጩን ተመታና ባለበት ተዘረረ። ኤልዊን እንደቆመ ልቤ ይደነግጣል ብሎ ጠበቀ፤ አልደነገጠም። ቶሊቨርን በቃሬዛ ሲያወጡት አየ፤ ሌላ ኳስ ሰጡት፤ ወረወረ።

በማግስቱ ሆስፒታል ሄደ። የቶሊቨር ሚስት ኤልዊንን ስታይ ግባም ውጣም ሳትለው ከበሩ ዞር አለች። ቶሊቨር አንድ ዓይኑ ታሽጎ ተኝቷል።

«አውቀህ ነው?»

«አይደለም። ጣቶቼ ደንዝዘዋል።»

«ከመቼ ወዲህ?»

«ከሐምሌ።»

ቶሊቨር ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። «አውቀህ ብትመታኝ ይሻለኝ ነበር» አለ።

ኤልዊን ከዚያ በቀጥታ ወደ አሰልጣኙ ሄዶ ሁሉንም ተናገረ። አሰልጣኙ ያለ ስድብ የማያወሩ ሰው ነበሩ፤ ያን ዕለት ግን፣ «ዕቃህን ሰብስብ» ብቻ አሉት። የቡድኑ ሐኪም መርምሮት፣ «የክንድህ ደም ሥር ተዘግቷል፤ ከዚህ በኋላ ብትወረውር ጣቶችህን ታጣለህ» አለው። ኤልዊን አመስግኖ ወጣ።

ነብራስካ ወዳለው ቤቱ ሲመለስ ቪልማ ሾርባ አቀረበችለት። ጠጥቶ ጨረሰ።

«እንደው አልቅስ እንኳ» አለችው።

«እሺ» አለ። አላለቀሰም። በሳምንቱ የከተማው እህል ጎተራ ውስጥ መዛኝ ሆኖ ገባ።

ቶሊቨር በሚቀጥለው ዓመት ጸደይ ወደ ሜዳ ተመለሰ። ዓይኑ ግን ኳሷን አጥርታ አላየችም፤ በጋው ሳይጋመስ ቡድኑ አሰናበተው። ወሬውን ኤልዊን የሰማው ፀጉር ቤት ተቀምጦ ሳለ በሬዲዮ ነው። ተራ የሚጠብቁት ሰዎች ጨዋታቸውን አቋርጠው ጫማ ጫማቸውን አዩ። ፀጉር አስተካካዩ ኦታካር መቀሱን አቆመ።

«ኤልዊን፣ ልዝጋው?»

«ተወው። ጆሮዬ ጋ ትንሽ አሳጥርልኝ።»

ከፍሎ ወጣ። ጎተራው በር ላይ በቆሎ የጫኑ መኪኖች ተሰልፈው ስለነበር፣ ኮቱን ሰቅሎ የፊተኛውን መኪና ወደ ሚዛኑ ጠራው።