ብርሃን የምታሳልፍ ዛጎል

የታሰርኩበት ክፍል የድሮ የቡና መጋዘን ነበር። በወለሉ ስንጥቅ ውስጥ የቀረው ገለባ ዝናብ በመጣ ቁጥር ይሸታል፤ ሚዛን ተፈሪ ደግሞ ዝናብ መች ይጠፋል። ከተማው ውስጥ የተቃውሞ ወረቀት በተበተነ ማግስት ከማስተምርበት አውጥተው ወሰዱኝ። ኪሴ ሲፈተሽ የተገኘው ከባድ መሣሪያ አንድ የክብሪት ቀፎ ነበር። ውስጡ ጥፍር የምታህል የባሕር ዛጎል። ምጽዋ መርከብ ላይ የሚሠራ ጓደኛዬ ከጥልቁ ጭቃ ጋር ወጥታ አግኝቷት ለባዮሎጂ ማስተማሪያ የሰጠኝ ናት።

መርማሪው ካኪ የለበሰ ወጣት ነው። ቀፎውን ከፈተ።

«ጠንቋይ ነህ?»

«አስተማሪ ነኝ።»

«ዛጎል አትጥልም?»

«ጓድ መርማሪ፣ በአንዲት ዛጎል ማን ይጥላል? ገበያም አይኖረኝ።»

አልሳቀም። ተነሥቶ በሩን ዘጋ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ወደ ሰሜን ግንባር ሊልኩኝ ነው። እመለስ እንደሆነ ጣልና ንገረኝ። ከዚያ ‹ተራ ጠንቋይ ነው› ብዬ በተግሣጽ እለቅሃለሁ» አለ።

ቤቴ አጠገባችን ካለችው አማን ከተማ ነው፤ በእግር ይደረሳል። ባለቤቴ ነፍሰ ጡር ነበረች። «ትመለሳለህ» የምትለው ቃል ምላሴ ጫፍ ላይ ደረሰች። ቀና ስል ግን ዓይኑ እኔ ላይ ተተክሏል፤ የምሩን ነው የሚጠይቀው።

«ዛጎሏም አታውቅ፣ እኔም አላውቅ» አልኩት።

ጀግንነት እንዳይመስላችሁ። ስዋሽ ግራ ቅንድቤ ብድግ ይላል።

«ታዲያ ምን ታውቃለች?»

«ወደ መስኮቱ ይያዟት።»

ያዛት። ጣቱ በውስጧ ታየ። ትልልቆቹ ዘመዶቿ ዳርቻ ዳርቻውን ሲኖሩ የእሷ ወገን ፀሐይ በማይደርስበት ጥልቅ እንደሚኖር፣ እንደ መስታወት ብትስስም በውስጧ እንደ ጎድን አጥንት የሚደግፏት መስመሮች እንዳሏት ነገርኩት። የእኔ ጎድን አጥንት በሸሚዝ ላይ ይቆጠር ነበር። ቀፎውን ኪሱ ከትቶ ወደ ክፍሌ መለሰኝ።

አብሮኝ የታሰረው የቴፒ ቡና ነጋዴ ይህን ሲሰማ ራሱን ያዘ። «ኧረ መምህር! እኔ ብሆን በባቄላም እጥልለት ነበር!»

መርማሪው የሚዘምትበት ቀን ደርሶ ቀፎውን ሊመልስልኝ መጣ። ከዛጎሏ ሁለት ክዳን አንዱን አላቅቄ ሰጠሁት።

«ትመልሰኛለች?»

«እሱን አላውቅም፣ ወንድሜ። ሲጨንቅህ ወደ ፀሐይ ያዛት።»

በመሐረቡ ጠቅልሎ ሄደ።

እኔ የተፈታሁት ልጄ መራመድ ከጀመረች በኋላ ነው። እሱ ይመለስ አይመለስ አልሰማሁም። ቀሪዋ ክዳን መስኮቴ ላይ ናት፤ ጠዋት ጠዋት ወደ ብርሃን እይዛታለሁ።

«ዛሬስ ምን ታየህ፣ አባ ዛጎል?» ትለኛለች ባለቤቴ።

«የራሴ ጣት» እላታለሁ።

ግራ ቅንድቤ ብድግ ማለቱን አይታ ቡናዬን ትቀዳልኛለች።