አያ ታከለን የጠራቸው ጩኸት

ከዓመታት በፊት አንድ ቅዳሜ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ነበር፣ የመጀመሪያ ፊልሜ ሊሆን የነበረው ሥራ ቁስቋም ሰፈር፣ ባደግኩበትና ያኔ ባዶ በነበረው ቤት ውስጥ ሲቀረጽ። ባለፈው ሳምንት አዘዞ፣ አንድ አዲስ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ተከታታይ ድራማ ስንሠራ፣ እንደዚያን ጊዜው ደም እንዲመስል ከንፈሬን የቀቡኝ በስኳር የፈላ ቀይ ሥር ሲሸተኝ ያ ቀን መጣብኝ።

በዚያ የመጀመሪያ ፊልም ሚናዬ ባሏ የሚደበድባት ሚስት ነበረች። ዳይሬክተሩ ጩኺ ቢለኝ አምስት ጊዜ ድምፄ አልወጣ አለ፤ ቲያትር የተማረች ልጅ መጮኽ እንዴት ያቅታታል ብሎ አማረረ፣ ካልጮኽሽ ለሌላ እሰጠዋለሁ አለኝ። በዚያው ቤት አባቴ እናቴን በቀበቶ ሲገርፋት፣ እሷ ጎረቤት እንዳይሰማ በዓይኗ ዝም በይ እያለችኝ፣ ነጠላዋን ነክሼ ማደጌን አያውቅም። ሰው ሁሉ አባቴን እንዴት ያለ ሸጋ፣ ጭቅጭቅ የሌለበት ቤት አለው እያለ ያመሰግነው ነበር። እናቴ ስትሞት የገነዟት ሴቶች ጀርባዋን አይተው ነው መንደሩ ያወቀው።

በስድስተኛው ጊዜ ባሌን የሚጫወተው ተዋናይ ሳያስበው እውነተኛ ጥፊ አሳረፈብኝ። ጆሮዬ ጭው አለ፣ ቀበቶው ታየኝ፣ ኡኡ አልኩ።

በእኛ አገር ኡኡታ የሰማ የያዘውን ጥሎ ይሮጣል። ፊልም መሆኑ ለመንደሩ ተነግሯል፤ ከእኛ ጋር አንድ ግድግዳ የሚጋሩት አያ ታከለ ግን ይህን ሳይሰሙ ከኮላ ድባ ገበያ የተመለሱት በዚያች ሰዓት ነበር። በሩን በርግደው ገቡ። ዱላቸው የተዋናዩ ክንድ ላይ ሲያርፍ አጥንቱ እንደ ደረቅ እንጨት ሲሰበር ሰማሁ። ሁለት ሰዎች እጃቸውን ጠምዝዘው ሲይዟቸው፣ እኔን ብቻ እያዩ፣

«ልጄ፣ ያኔስ ምነው ዝም አላችሁ? አንድ ጊዜ ብትጮኹ እመጣ ነበር» አሉ።

ፖሊስ አያ ታከለን ወሰዳቸው። ዳይሬክተሩም ፊልም መሆኑን እያወቁ በክፋት መቱት ብለሽ ካልመሰከርሽ ሚናውን እርሺው አለኝ።

አዘዞ ባለፈው ሳምንት ዘጠኝ ጊዜ ጮኽኩ። አንድም በር አልተከፈተም፤ ከላይ ያለው ጎረቤት የቴሌቪዥኑን ድምፅ ጨመረ። የቀረጻው ሰዎች የማይረብሽ ሸጋ ቦታ አገኘን ብለው ተደሰቱ። እኔ ግን በየድጋሚው በሩን አይ ነበር።

ያኔ ግን፣ አያ ታከለ በተያዙ ማግሥት ጠዋት፣ ፊቴ እንዳበጠ ፖሊስ ጣቢያ ሄድኩ። ድምፄ ስላልተሰማው መርማሪው ሁለቴ ድገሚ አለኝ። በሦስተኛው፣ ኮሪደሩ ላይ የቆሙት ሁሉ እስኪዞሩ ድረስ ከፍ አድርጌ፣

«ፊልም መሆኑን አያውቁም ነበር። የጠራኋቸው እኔ ነኝ» አልኩ።