ሰንሰለት ያዡ ሹፌር

እኔ አንድ ቦታ አርፌ መቀመጥ አልችልም። ሳዑዲ፣ ኾባር ከተማ ውስጥ ለሹፌር ይህ በሽታ ነው፤ ሥራው ግማሹ መንዳት፣ ግማሹ መጠበቅ ነውና። ሌሎቹ ወንበራቸውን ወደ ኋላ ጥለው ሲያንኮራፉ እኔ መኪናውን ስዞር፣ የወለወልኩትን መስታወት መልሼ ስወለውል እውላለሁ።

የካፊሌ፣ የአሠሪዬ፣ ልጅ ኮሌጅ በገባ በዓመቱ ተማሪዎቹ የአሜሪካን ፉትቦል፣ ያንን ኳስ ታቅፈው የሚሮጡበትን ጨዋታ፣ ቡድን አቋቋሙ። የመጀመሪያ ወቅታቸው ስለነበር ተጫዋች እንጂ አጋዥ አልነበራቸውም። አሰልጣኙ በሜዳው ዳር ሽቅብ ቁልቁል ስል አየኝና አንድ ዘንግ አስያዘኝ። ዘንጉ በረጅም ሰንሰለት ከሌላ ዘንግ ጋር ተያይዟል፤ ያኛውን የሚይዘው የኮሌጁ አውቶቡስ ሹፌር፣ አንድ ፓኪስታናዊ ሽማግሌ ነው። ነገሩ ቀላል ነው። ኳሱን የያዘው ቡድን ከእኔ ዘንግ ተነስቶ በአራት ሙከራ የሽማግሌውን ዘንግ ማለፍ አለበት፤ ካላለፈ ኳሱን ይነጠቃል።

በዚያ ሰሞን እናቴ ወሎ ታማ ተኝታለች። እህቴ በስልክ "ቶሎ ና" ትለኛለች። ያለ ካፊል ፈቃድ ደግሞ ንቅንቅ የለም። ካፊሌን "ባባ" ነው የምንለው፤ እፈራዋለሁ። ክፉ ሆኖ አይደለም፤ ዝምተኛ ነው፣ ዝምተኛ ሰው ደግሞ ያስጨንቀኛል። ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም ብዬ እኔም ዝም አልኩ። ልጁ ግን ሁኔታዬን አይቶ አዘነልኝ።

"ባሸነፍን ቀን አባቴ ደስ ሲለው እጠይቅልሃለሁ" አለኝ።

ቡድኑ ጀማሪ ሆኖ ሳለ እንዲህ ያለ ቃል መግባት ግፍ ነው። በየሳምንቱ ይሸነፋሉ፣ በየሳምንቱ ባባ ከተመልካቹ መሃል ተነስቶ ምንም ሳይናገር ይሄዳል፣ እኔም ሌላ ሳምንት እቆጥራለሁ።

ከደማም ከመጣ ቡድን ጋር የተጫወቱ ዕለት ግን ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃ ሲቀር እየመራን ነበር። ኳሱን እጃችን ላይ ካቆየን አለቀ፣ ኸላስ። በአራተኛው ሙከራ የካፊሌ ልጅ ኳሱን እንደታቀፈ ሰው ተከመረበት። አልፏል አላለፈም የሚል ክርክር ተነሳና ዳኛው በሰንሰለት ይለካ አለ። ሽማግሌውና እኔ ሜዳ ገባን። ዘንጌን የመጀመሪያው ሙከራ በተጀመረበት ነጥብ ላይ ማቆም ነበረብኝ። የዳኛው ዓይን ኳሱ ላይ ነው። እኔ አንድ ስንዝር ወደ ኋላ አቆምኩት። ሽማግሌው ሰንሰለቱን ወጠረ፤ ኳሱ በሁለት ጣት አለፈ። ልጁ ከወደቀበት ሆኖ ዘንጌን ሲያይ ኖሯል፤ ዓይን ለዓይን ተጋጨን።

አሸነፉ። ወደ ቤት ስንመለስ ግን መኪናው ውስጥ ደስታ አልነበረም።

"ዘንጉን ወደ ኋላ ወስደኸዋል" አለኝ ልጁ።

"አልወሰድኩትም።"

"ወላሂ በል።"

አፌን ከፈትኩ፤ አልወጣልኝም። መዋሸቱን ዋሽቻለሁ፣ መሐላው ላይ ግን ተያዝኩ።

"ነገ ለአሰልጣኙ እነግረዋለሁ" አለ ቤት ደርሰን ሲወርድ። "በዚህ ድል ደግሞ አባቴን አልጠይቅልህም። ከፈለግህ አንተው ጠይቀው።"

ደሜ ፈላ። የሰው እናት ከአንድ ስንዝር አትበልጥም ወይ ብዬ በልቤ ሰደብኩት። ንዴቱ ሳይበርድልኝ፣ ፍርሃቱም ሳይመለስብኝ በቀጥታ ባባ ዘንድ ገባሁ።

"እናቴ ታማብኛለች፤ አንድ ወር ይፍቀዱልኝ" አልኩት።

ስልኩን አስቀመጠ። "መቼ ነው የታመመችው?"

"ስድስት ወር ሆኗታል።"

"ስድስት ወር? ታዲያ እስካሁን ምን ትጠብቅ ነበር?"

በሦስተኛው ቀን ወረቀቴን አስጨርሶ፣ ትኬት ቆርጦ ሸኘኝ። መንገዱን ሙሉ ራሴን ስረግም ነው የሄድኩት።

እናቴን በሕይወት ደረስኩባት። እጇን ስስም ትክ ብላ አየችኝ፤ ከዚያ ወደ እህቴ ዞራ "ይሄ የማን ልጅ ነው?" አለቻት።

እህቴ ክንዴን ይዛ ወደ ደጅ አወጣችኝ።

"እስካለፈው ወር ድረስ እኮ" አለችኝ፣ "በየጧቱ አንተን በስምህ እየጠራች 'አልመጣም?' ትለኝ ነበር።"