ከቦሌ እስከ አያት፣ አንዲት ጠርሙስ ይዤ

ዓርብ ጠዋት፣ ከጎሮ

የጉዞ ማስታወሻ የሚጽፍ ሰው ቢያንስ አንድ ወንዝ ተሻግሮ መሆን አለበት ይባላል። እኔ የተጓዝኩት ከቦሌ እስከ አያት ነው፤ ያውም በአንድ ቀን ደርሶ መልስ። ቢሆንም ከከተማው ሳልወጣ የተማርኩትን ያህል ርቄ ሄጄ ስላልተማርኩ፣ ለመጻፍ አላፈርኩም።

ዓላማው አጭር ነው። አያት ባለች አንዲት ትንሽ የምርምር ላቦራቶሪ ውስጥ እሠራለሁ። የምናጠናው ኤፒተልየም የሚባሉትን ሴሎች ነው፤ ቆዳችንን፣ አፋችንንና የምግብ ቧንቧችንን የሚያለብሱትን ማለት ነው። ከእነዚህ መካከል እንደ ንጣፍ ተደራርበው የሚኖሩት ጠፍጣፋዎቹ መስመር ሲስቱ ስኩዌመስ የሚባለው ካንሰር ይነሳል። እኛም እሱን ከጤነኛው ለይተን ለማየት ኳንተም ዶት ከውጭ አዘን ነበር። ኳንተም ዶት እጅግ ደቃቅ ክሪስታል ነው፤ ልዩ መብራት ሲያርፍበት መልሶ ቀለም ያበራል፤ ትንንሹ አረንጓዴ፣ ተለቅ ያለው ቀይ። የእኛው ቀይ ነው። በካንሰሩ ሴሎች ላይ የሚበዛ አንድ ፕሮቲን ፈልጎ እንዲጣበቅም አንቲቦዲ ታስሮበታል። ለወራት ጠብቀን የመጣችልን አንዲት ጠርሙስ ብቻ ናት፤ ውስጧ ያለውም ጥቂት ጠብታ ነው።

ጠርሙሷን የሚጠብቅ ሌላም ሰው ነበር። ጋሽ ሰዒድ የወሎ ሰው ናቸው፤ አያት አካባቢ የሚኖሩ የሚኒባስ ሹፌር። አምና የምግብ ቧንቧቸው ላይ ካንሰር ተገኝቶባቸው በቀዶ ጥገና ወጣላቸው፤ ሕክምናቸውንም ጨርሰዋል። ከወጣው ሥጋ ጥቂቱን ለጥናታችን ሲፈቅዱ አንድ ነገር ብቻ ነበር የጠየቁት፦ «ጉሮሮዬን የዘጋውን ነገር በዓይኔ ልየው።» በተለመደው ማይክሮስኮፕ ባሳያቸው፣ «ይኼማ ሐምራዊ ጨርቅ ነው፤ ጠላቴ የቱ ጋ ነው?» አሉኝ። እኔም ቀይ አብርቼ አሳይዎታለሁ ብዬ ቃል ገባሁ። ነገ ሚኒባሷን ለልጃቸው አስረክበው፣ ጠቅልለው ኮምቦልቻ ይገባሉ። ስለዚህ ቀኑ ዛሬ ብቻ ነበር።

የእሳቸውና የሌሎች ታማሚዎች ሥጋ በስሱ ተቆርጦ የተለጠፈባቸውን ስላይዶች፣ ማለትም ትንንሽ መስታወቶች፣ ሐሙስ ማታ አዘጋጅቼ አድሬያለሁ። ቀን እቆጥር ነበር እንጂ ይሳካ ይሆን ብዬ አልተጨነቅኩም፤ በሥራዬ እተማመናለሁ፤ አንዳንዴም ከልክ በላይ።

ሁለት ሰዓት፣ ቦሌ

ጋሽ ሰዒድ ሚኒባሳቸውን አጥበው ከቤቴ በር ላይ ቆመው ጠበቁኝ። ታክሲ እይዛለሁ ብላቸው፣ «ከእኔ ሥጋ ጋር የሚገናኝ ዕቃ በሰው መኪና አይሄድም» ብለው ዘጉኝ።

የአየር ማረፊያው ካርጎ ወረፋ ረጅም ነበር። ተራዬ ሲደርስ መስኮቱ ላይ የነበረው ወጣት ሠራተኛ ወረቀቱን ገልብጦ አየ።

«ውስጡ ምንድነው?»

«የሚያበሩ ክሪስታሎች።»

«አልማዝ?»

«አይ፣ ኳንተም ዶት ይባላል። ለጥናት ነው።»

ፊቱ በራ። «እንዴ! ቴሌቪዥን ካርቶን ላይ የሚጻፈው? ታዲያ ስክሪኑ የታለ?»

ከኋላዬ የነበሩት ሁሉ ሳቁ። እውነቱን ነው፤ ዘመዳሞች ናቸው። ቅጹ ላይ ግን «ስክሪን የሌለው የስክሪን ዕቃ» የሚል ቦታ ስለሌለ፣ ከአንዱ ቢሮ ወደ ሌላው ስመላለስ ሦስት ሰዓት ሙሉ አለፈ። ሳጥኑን ስረከብ ውስጡ ያሉት ማቀዝቀዣ ከረጢቶች ልፍስፍስ ብለዋል፤ ቴርሞሜትሩም ወደ ላይ መውጣት ጀምሯል። ጠርሙሷ የምትፈልገው የፍሪጅ ቅዝቃዜ ነው፤ ከዚያ አይበልጥ፣ ከዚያ አያንስ።

አምስት ሰዓት ተኩል፣ መንገድ ላይ

በቀለበት መንገዱ ወጥተን በገርጂ፣ ከዚያም በጃክሮስ አድርገን ወደ ጎሮ አመራን። አዲስ የተነጠፈው የእግረኛ መንገድ ያብረቀርቃል፤ ከአጠገቡ ደግሞ ገና ያልተደፈነ ጉድጓድ አፉን ከፍቷል። ክሬን የሌለበት ሰማይ ፈልጌ አጣሁ። ጋሽ ሰዒድ ሳጥኑ ጭኔ ላይ ስላለ በየፍጥነት መቀነሻው እንደ ሙሽራ መኪና ይንሸራተታሉ፤ ከኋላ የሚከተሉን ጡሩምባ ያስጮሁብናል።

«ወላሂ፣ ሃያ ዓመት ስነዳ እንዲህ ያለ ጨዋ ተሳፋሪ ጭኜ አላውቅም» አሉ ሳጥኑን በአገጫቸው እያሳዩ። «ወራጅ አይል፤ መስኮት ይከፈትልኝ አይል።»

«ሙቀት ነው እንጂ የሚያስቸግረው።»

«አብሽሪ! እናደርሰዋለን።»

ስድስት ሰዓት ተኩል፣ ጎሮ

ጁምዓ ስለነበር ጋሽ ሰዒድ መስገድ ነበረባቸው። መስጊዱ ከሰፈሬ አይርቅም። እኔም ሳጥኑን ይዤ ፀሐይ ላይ ከምቀመጥ፣ ከምኖርበት ኮንዶሚኒየም ሥር ወዳለችው ወደ እትዬ ለተብርሃን ሱቅ ሄድኩ። እትዬ ለተብርሃን ከአክሱም መጥተው ሰፈራችን ውስጥ የከበሩ ሴት ናቸው። የግማሹ ሕንፃ ቁልፍ እሳቸው ዘንድ ነው የሚቀመጠው፤ አደራ በልቶ የሚያውቅ እጅ የላቸውም። ሳጥኑ ፍሪጁ ውስጥ አልገባ ስላለ ጠርሙሷን ብቻ በላስቲክ ጠቅልዬ ከወተቱ ጎን አቆምኳት።

«አደራ እትዬ፣ እንዳትሞቅ። ብርድ ነው የምትወደው።»

«ሂጂ ጓለይ፣ ሂጂ ልጄ፣ ምሳሽን ብይ። እኔ ዘንድ የተቀመጠ ዕቃ ምን ሆኖ ያውቃል?»

ምንም ሆኖ አያውቅም። እፎይ ብዬ ማዶ ካለው ምግብ ቤት ገባሁና በያይነት በላሁ፤ ሦስት መቶ ሃምሳ ብር፣ ሽሮው ቀጠን ያለ፣ ጎመኑ ግን ግሩም።

ስመለስ ሱቁ ጨልሟል። መብራት ሄዷል፤ ማዶ ያለው ጄነሬተር ይንደቀደቃል። እትዬ ለተብርሃን በኩራት ተቀበሉኝ።

«አይዞሽ! መብራቱ እልም ሲል መጀመሪያ ያሰብኩት እሷን ነው። ወተቱን እንኳ ትቼ እሷን ዲፕ ፍሪዝ ከተትኩልሽ፤ ከዓሣው ሥር።»

መብራት ሲጠፋ የአዲስ አበባ ሰው ሁሉ የሚያደርገውን ነው ያደረጉት፤ የወደዱትን ዕቃ ወደ ዲፕ ፍሪዝ። ኳንተም ዶት ግን ብርድ እንጂ በረዶ አይችልም። ፈሳሹ ሲረጋ እነዚያ ተለያይተው የሚንሳፈፉት ደቃቆች እንደ ዱቄት ይጓጉላሉ። ጠርሙሷን ብርሃን ላይ ይዤ አየኋት፤ ጠብታዋ ነጭ ጠጠር ሆናለች።

እትዬ ለተብርሃን ምስጋና እየጠበቁ ያዩኛል። «እግዜር ይስጥልኝ» አልኩና ወጣሁ።

ስምንት ሰዓት፣ ሰሚት

«ምነው ዝም አልሽ?» አሉ ጋሽ ሰዒድ።

«ምንም። ትንሽ በርዷታል።»

«ታዲያ ብርድ አይደል የምትወደው?»

ጠርሙሷን ከሳጥኑ አውጥቼ በመዳፌ ያዝኳት። ፍየል ቤትን አልፈን ሰሚት ስንደርስ ጠብታዋ መዳፌ ላይ ቀለጠች፤ ጠርታ፣ ጥርት ብላ፣ እንደ ንጹሕ ውሃ። ይኸው፣ ምንም አልሆነችም አልኩ ለራሴ። ከሱቁ ስወጣ የነበረው ፍርሃት አያት መግቢያ ላይ ጥሎኝ ወረደ። ባቡሩ ጭር ብሎ ወደ መጨረሻው ፌርማታ ሲያዘግም አልፈነው ሄድን።

ዘጠኝ ሰዓት፣ አያት

ላቦራቶሪው ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው። ጋሽ ሰዒድ ደረጃውን ቀስ ብለው ወጥተው ጥግ ያለው ወንበር ላይ ተቀመጡና ከፔርሙዛቸው አጥሚት ትንሽ ትንሽ እየተጎነጩ ጠበቁኝ። ከጠብታዋ ጥቂቱን የእሳቸው ሥጋ ያለበት ስላይድ ላይ አሳረፍኩ፤ አንድ ሰዓት ያህል አቆይቼ ስላይዱን አጠብኩት። መጋረጃውን ዘጋሁና ማይክሮስኮፑን አበራሁ።

ቀይ! ጨለማው ላይ የተበተነ ደማቅ ቀይ፣ አንዱ ከሌላው የሚፎካከር። ደስታዬን መደበቅ አቃተኝ። «ይምጡ፣ ይምጡ ይዩ!»

ጋሽ ሰዒድ ዓይናቸውን ገጠሙ። «ሱብሃነላህ… ይኼ ነው?»

«አዎ፣ ይኼ ነው።»

ለልጆቻቸው ሊልኩት ስልካቸውን አወጡ። ፎቶው እንዲያምር ብዬ ስላይዱን ትንሽ ወደ ዳር ገፋ አደረግኩት። ሥጋው አልቆ ባዶው መስታወት መጣ። ባዶው መስታወት ላይም ያው ቀይ ተበትኗል፤ ያው ብዛት፣ ያው ድምቀት።

ያየነው ካንሰሩን አልነበረም፤ የተጓጎሉትን ዶቶች ነበር፤ ባገኙበት ሁሉ የተጣሉ። ጋሽ ሰዒድ ግን ደስ ብሏቸው ፎቶውን እያሰፉ ያያሉ። ነገ ኮምቦልቻ ናቸው። ጥናቱ ሕክምናቸውን የሚነካ አይደለም። ዝም ብል ማንም አያውቅም ነበር፤ እኔም ለአፍታ ዝም አልኩ። ያቺ አፍታ አሁንም ታሳፍረኛለች።

«ጋሽ ሰዒድ፣ ፎቶውን አይላኩት።»

«ለምን?»

«የእርስዎ አይደለም። ባዶ መስታወቱም ላይ ያው ነው። ጠርሙሷ ጎሮ በረዶ ሆና ነበር፤ ተበላሽታለች። እያወቅኩ ነው ዝም ያልኩት።»

ስልኩን አጠፉና ኪሳቸው ከተቱት። ተቆጥተው እንደሆነ ፊታቸውን ለማየት ድፍረት አጣሁ።

«ሌላ መላ የለሽም?»

«አንድ አለ። ጠርሙሷ ውስጥ የቀረውን በፍጥነት የሚሽከረከር ማሽን ውስጥ አስገብቼ የተጓጎለውን ከሥር አዘቅጠዋለሁ፤ ያልተበላሸ ከቀረ ከላይ ይገኛል። አንድ ሰዓት ተኩል ይፈጃል። ላይሳካም ይችላል።»

«ሃያ ዓመት ወረፋ ይዤ ነው የኖርኩት» አሉና ወደ ወንበራቸው ተመለሱ።

አሽከረከርኩት። ከላይ የተረፈውን በጥንቃቄ ቀድቼ ሌላ ስላይድ ላይ አሳረፍኩ፤ ጠበቅን፤ አጠብኩ። በዚህኛው ዙር መጀመሪያ ያየሁት ባዶውን መስታወት ነው። ጥቁር፣ ምንም የሌለበት ጥቁር። ጥቁር ነገር አይቼ እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም። ቀስ ብዬ ወደ ሥጋው ገባሁ። ጤነኛው ጋ ፕሮቲኑ ጥቂት ስለሆነ ከሥሩ ብቻ ቀጭን ቀይ መስመር አለ። ከዚያ ድንበሩ ይመጣል፤ ከድንበሩ ወዲያ ከላይ እስከ ታች ያለው ሴል ሁሉ ዙሪያውን ቀይ ክር ለብሷል፤ እንደ ዓሣ መረብ።

ጋሽ ሰዒድ ረጅም ጊዜ አዩ። «ይኼኛው ደብዛዛ ነው።»

«ደብዛዛ ነው። ግን የእርስዎ ነው።»

«ትንሽ ናትኮ!» አሉ ዓይናቸውን ሳይነቅሉ። «ይቺ ናት ውሃ ያስከለከለችኝ? ይቺ?» ቀና ሲሉ ጉንጫቸው ረጥቧል። ፎቶ አላነሱም። እጄን በሁለት እጃቸው ይዘው፣ «ወጥታልኛለች አልሐምዱሊላህ፤ አሁን አወቅኋት» አሉና ደረጃውን ወረዱ።

የሌሎቹ ታማሚዎች ስላይዶች ቀሩ፤ ጠርሙሷ አልቃለች። ለአለቃዬ የሆነውን ሁሉ ጻፍኩ፤ ሌላ ጠርሙስ እንዲታዘዝም ጠየቅኩ። እንደሚሠራ ግን አሁን በዓይኔ አይቻለሁ፤ ስትመጣ እጨርሰዋለሁ።

አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል፣ ተመልሼ ጎሮ

ከአያት ሰሚት፣ ከሰሚት ጎሮ፣ በሁለት ታክሲ ተጨናንቄ ገባሁ። መንገዱን ሁሉ ሳስብ የመጣሁት ስለ እትዬ ለተብርሃን ነበር። አደራ ብዬ ሰጠኋቸው እንጂ እንዴት እንደሚጠበቅ አልነገርኳቸውም። ማወቅ የነበረብኝ እኔ፣ የተማርኩት እኔ፤ ግማሹን ተናግሬ ግማሹን በሆዴ ይዤ ምሳዬን በላሁ።

መብራት መጥቷል። ሳያቸው ሚዛኑን ትተው ብድግ አሉ።

«ደረሰች?»

«በደህና» ልል ምላሴ ጫፍ ላይ ነበር። ለትልቅ ሰው እንዲያ ነው የሚባለው።

«ደርሳለች እትዬ፤ ግን በረዶው አበላሽቷት ነበር። ብርድ ትወዳለች ያልኩዎት እኔ ነኝ፤ በረዶ እንደማትችል ሳልነግርዎት ሄድኩ። ጥፋቱ የኔ ነው።»

እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ። «ቀን ስትወስጂያት አውቀሻል?» አሉኝ።

«አውቄያለሁ። እንዳያዝኑብኝ ብዬ ነው።»

«አዝኜ ይለፍልኝ እንጂ!» አሉ፤ አሁን ገና ተቆጡ። «ሁለተኛ ብትመጣ፣ ካልነገርሽኝ፣ እዚያው ከዓሣው ሥር አይደል የምከታት?»